ነዳጅ እስካለ ድረስ ሮኬት ከብርሃን እንዳይቀድም የሚይዘው ምንድን ነው?

መፍቻ17

ጤና ይስጥልኝ። ጥያቄዬ ለአንዳንዶቻችሁ ቀላል ይመስል ይሆናል። እኔን ግን ሦስት ሳምንት ሙሉ ይዞኛል።

የናፍጣ ሞተር ጠጋኝ ነኝ። 31 ዓመት ሠርቻለሁ። አንድ መኪና ከሆነ ፍጥነት በላይ አልሄድም ካለ ምክንያቱን ፈትቼ አገኘዋለሁ። ወይ ነፋሱ ይገፋዋል፤ ወይ ጎማው ይይዘዋል፤ ወይ ነዳጅ በልኩ አይደርሰውም፤ ወይ ሞተሩ ራሱ ደክሟል። ሁልጊዜ አንድ የሚይዝ ነገር አለ። አንዳንዱ ቀናት ይፈጃል እንጂ መገኘቱ አይቀርም።

አሁን ሮኬቱን ጠፈር ላይ አስቡት። ነፋስ የለም። መንገድ የለም። ጎማ የለም። ሞተሩ አንድ ሰዓት ቢሠራ ይፈጥናል። ሁለት ሰዓት ቢሠራ ደግሞ የበለጠ ይፈጥናል። መጨመሩ በምን ምክንያት ይቆማል?

ደብተሬ ላይ እንዲህ አሰላሁ። ሞተሩ በየሰከንዱ ፍጥነቱ ላይ 9.8 ሜትር በሰከንድ ይጨምር። ይህ መሬት ስበት የምታሳድርብን ግፊት ነው፤ ሰው ቆሞ የሚችለው። አንድ ዓመት 31.5 ሚሊዮን ሰከንድ ገደማ ነው። ሲባዛ በሰከንድ 309,000 ኪሎ ሜትር ይመጣል። ብርሃን 299,792 ነው። አንድ ዓመት ሳይሞላ ብርሃንን አለፍኩት ማለት ነው! ደግሜ ደጋግሜ አየሁት። የማባዛት ስህተት የለበትም።

የጠየቅኳቸው ሁሉ "አይቻልም፤ አንስታይን ብሏል" ይሉኛል። ሰው ስለተናገረ የቆመ ሞተር እስካሁን አላየሁም። ከድምፅ በላይ መብረር አይቻልም ያሉም ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1947 አብራሪው ቸክ ዬገር ከድምፅ በላይ በረረ፤ ያውም በሮኬት ሞተር።

ማወቅ የምፈልገው ይሄን ነው። የሚይዘው ነገር ምንድን ነው? የት ነው ያለው? ሰው በእጁ ነክቶ አይቶታል ወይስ ወረቀት ላይ ብቻ ያለ ነው?

ለምን እንደሚያሳስበኝም ልንገራችሁ። ከፀሐይ ቀጥሎ የሚቀርበን ኮከብ ፕሮክሲማ ሴንታውሪ 4.24 የብርሃን ዓመት ይርቃል፤ ብርሃን በ4.24 ዓመት የሚሄደው ርቀት ማለት ነው። ቮያጀር 1 የተባለችው የጠፈር መንኮራኩር በሰከንድ 17 ኪሎ ሜትር ትሄዳለች። ወደዚያ ብትዞር ስንት ዓመት ይፈጅባት ነበር ብዬ አሰላሁ። 75,000 ዓመት። ዕድሜዬ 53 ነው። ልጅ ሆኜ ጀምሮ አንድ ቀን ሰው ወደዚያ ይሄዳል ብዬ አምን ነበር። ቁጥሩን ሳየው በር የተዘጋብኝ ያህል ተሰማኝ።

ሰፊ_ሰማይ

ወንድሜ፣ መጀመሪያ ነዳጁን እንየው። "ነዳጅ እስካለ" የምትለው አነጋገር ትልቅ ሸክም ተሸክማለች።

ሮኬት ነዳጁን ራሱ ይዞ ነው የሚሄደው። የነገውን ነዳጅ ለመግፋት የዛሬው ይቃጠላል። ስሌቱን ሩሲያዊው ኮንስታንቲን ፂዮልኮቭስኪ እ.ኤ.አ. በ1903 አሳትሞታል። ሃይድሮጅንና ኦክስጅን የሚያቃጥል ምርጥ ሞተር ጋዙን ወደ ኋላ የሚተፋው በሰከንድ 4.5 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በዚህ ሞተር የብርሃንን ፍጥነት ከመቶ አንድ እጁን ብቻ ልድረስበት ብትል፣ የሚያስፈልገው ነዳጅ ከዕቃው በስንት እጥፍ እንደሚበልጥ ታውቃለህ? 1 ጻፍና ከኋላው 289 ዜሮ ደርድር። በሚታየው ጽንፈ ዓለም ውስጥ ያለው አቶም 80 ዜሮ ገደማ ነው። ዓለሙ ሁሉ ነዳጅ ቢሆን አንዲት አቶም እንኳን እዚያ ፍጥነት ላይ አያደርስም።

ሰው ከሠራው ሁሉ ፈጣኗ ፓርከር የተባለችው የፀሐይ መንኮራኩር ናት። እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 24 ቀን 2024 ፀሐይ አጠገብ ስታልፍ በሰከንድ 192 ኪሎ ሜትር ደርሳለች። ይህም በሞተር ጉልበት አይደለም፤ ወደ ፀሐይ በመውደቅ ያገኘችው ነው። ከብርሃን ፍጥነት 1,500ኛ እጅ ገደማ ነው።

መፍቻ17

አመሰግናለሁ። የ289 ዜሮው ነገር አስደንግጦኛል። ግን ወንድሜ፣ ይህ የነዳጅ ችግር ነው። የነዳጅ ችግር በነዳጅ ይፈታል። የተሻለ የሚያቃጥል ነገር ይገኛል እንበል። እኔ የምጠይቀው ስለ ታንከሩ አይደለም፤ ስለ መንገዱ ነው። ነዳጁ በነፃና ያለ ክብደት ቢመጣስ ያኔም ይቆማል?

ጠጋኟ

ጋሼ፣ ያኔም አይደርስበትም። ይህን የምልዎት መጽሐፍ ላይ ስላነበብኩት ብቻ አይደለም። በየቀኑ እጄ ላይ ያለ ነገር ስለሆነ ነው።

እኔም እንደ እርስዎ ጠጋኝ ነኝ። የምጠግነው ለካንሰር ታካሚዎች የጨረር ሕክምና የሚሰጠውን ማሽን ነው። ሊናክ እንለዋለን። ዘጠኝ ዓመት ሠርቼበታለሁ። ሆዱ ውስጥ ከአንድ ሜትር ትንሽ የሚበልጥ የመዳብ ቱቦ አለ። በአንዱ ጫፍ የጋለ ክር ኤሌክትሮን ይተፋል። ከዚያ የማይክሮዌቭ ሞገድ ከኋላ እየገፋ በቱቦው ውስጥ ያስሮጣቸዋል። በሌላው ጫፍ ብረት ላይ ሲላተሙ ጨረሩ ይወጣል።

እርስዎ ጠፈር ላይ የፈለጉት ነገር ሁሉ እዚህ ቱቦ ውስጥ አለ። አየሩ ተመጥጦ ወጥቷል። መንገድ የለም፤ ጎማ የለም። ነዳጁ ደግሞ ኤሌክትሮኑ ላይ አልተጫነም፤ ከውጭ ነው የሚመጣው። ያለ ክብደት የሚመጣ ነዳጅ ማለት ይኸው ነው።

እንግዲህ ቁጥሩን ልንገርዎ። ኤሌክትሮኑ ግማሽ ሚሊዮን ኤሌክትሮን ቮልት (የቅንጣት ጉልበት መለኪያ ነው) ጉልበት ሲያገኝ ፍጥነቱ ከብርሃን ከመቶ 86 ነው። በጣም ፈጥኗል። እሺ፣ ጉልበቱን ወደ 6 ሚሊዮን እናድርገው፤ አሥራ ሁለት እጥፍ መሆኑ ነው። ፍጥነቱ ከመቶ 99.69 ይሆናል። ማሽኑን ወደ 18 ሚሊዮን እንቀይረው። ሌላ ሦስት እጥፍ ገፋነው። ፍጥነቱ ከመቶ 99.96።

በእርስዎ ደብተር ስሌት ቢሆን ኖሮ በ6 ሚሊዮን ላይ ኤሌክትሮኑ ብርሃንን አምስት እጥፍ ሊቀድም ትንሽ ነበር የሚቀረው። በ18 ሚሊዮን ላይ ከስምንት እጥፍ ያልፍ ነበር። አልሆነም።

"በእጁ ነክቶ ያየው ሰው አለ ወይ?" ብለዋል። እኔ ነክቼዋለሁ። አንድ ጊዜ ከአገልግሎት የወጣ ቱቦ ለማስተማሪያ እንዲሆን በቁመቱ ተሰንጥቆ አይቻለሁ። ውስጡ እንደ ተደረደሩ ጓዳዎች ነው። ኤሌክትሮኑ ከአንዱ ጓዳ ወደ ሌላው ያልፋል፤ በእያንዳንዱ ጓዳ አንድ ግፊት ይጨመርለታል። ግፊቱ ደግሞ በሰዓቱ መድረስ አለበት። ታይሚንጉ የተዛባ ሞተር ምን እንደሚሆን ለእርስዎ አልነግርም። እዚህም እንደዚያው ነው። ሞገዱ በሰከንድ 3 ቢሊዮን ጊዜ ገደማ ተገልብጦ ይመለሳል። ኤሌክትሮኑ ቀድሞ ወይም ዘግይቶ ከደረሰ ሞገዱ ወደ ኋላ ይመልሰዋል።

ጣቴን ከመግቢያው ጀምሬ እያስሄድኩ ለካሁት። የመጀመሪያዎቹ ጓዳዎች አጫጭር ናቸው። ኤሌክትሮኑ ገና እየፈጠነ ስለሆነ ቀጥሎ ያለው ጓዳ ረዘም ይላል። ከጥቂት ጓዳዎች በኋላ ግን መርዘሙ ይቆማል። ከዚያ እስከ መጨረሻው ሁሉም እኩል ናቸው፤ 5 ሳንቲ ሜትር ገደማ። 5 ሳንቲ ሜትር ማለት ሞገዱ አንድ ጊዜ እስኪገለበጥ ድረስ፣ ገና ሳይመለስ፣ ብርሃን የሚሄደው ርቀት ነው። የማሽኑ ሠሪዎች መዳቡን የቆረጡት ኤሌክትሮኑ የፈለገውን ያህል ቢገፋ ከዚያ በላይ እንደማይፈጥን ስለሚያውቁ ነው። ተሳስተው ቢሆን ኖሮ የኋለኞቹ ጓዳዎች 20 ሳንቲ ሜትርም አይበቃቸውም ነበር፤ ታይሚንጉ ይፈርስና ጨረር የሚባል ነገር አይወጣም። ማሽኑ ግን ይሠራል። ጠዋት ስከፍተው ይሠራል፤ ማታም ይሠራል።

ያን ቀን ያንን የተሰነጠቀ ቱቦ ይዤ ብዙ ደቂቃ ቆምኩ። የብርሃን ፍጥነት መዳብ ላይ ተቆርጦ አየሁት።

መፍቻ17

እህቴ፣ ታይሚንጉን ስትነግሪኝ ገባኝ። እንዲህ አድርጎ ያስረዳኝ ሰው አልነበረም። እግዜር ይስጥልኝ።

ሁለት ነገር ግን ቀረኝ። አንደኛ፣ ያ ሁሉ የተጨመረ ጉልበት የት ገባ? ሞተር ውስጥ ያልተንቀሳቀሰ ጉልበት ሙቀት ሆኖ ይወጣል። እዚህስ? ሁለተኛ፣ አሁንም የሚይዘውን ነገር አልነገርሽኝም። እንደማይደርስ አሳየሽኝ እንጂ ለምን እንደማይደርስ አላሳየሽኝም።

ጠጋኟ

ሁለቱም ትክክለኛ ጥያቄዎች ናቸው።

ጉልበቱ የትም አልጠፋም። እ.ኤ.አ. በ1964 ዊልያም ቤርቶዚ በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም ልክ የእርስዎን ጥያቄ ነው የጠየቀው። ኤሌክትሮኖችን ከ8 ሜትር በላይ በሆነ መንገድ ላይ አስሮጠና በስንት ጊዜ እንደሚደርሱ ለካ። ከዚያ መጨረሻ ላይ የአሉሚኒየም ቁራጭ አስቀምጦ ሲላተሙ ምን ያህል እንደሚያሞቁት ለካ። ፍጥነቱ ብርሃን ጋ ተጠግቶ መጨመሩን አቆመ። ሙቀቱ ግን ጉልበት በተጨመረ ቁጥር በልኩ ጨመረ። ኤሌክትሮኑ የተሰጠውን ሁሉ ይዞ ደርሷል። የያዘው ግን በፍጥነት መልክ አይደለም። በእኔም ማሽን የ18ቱ ጨረር ከ6ቱ ይልቅ ወደ ሰውነት ጠልቆ ይገባል። ፍጥነታቸው ያው ነው ለማለት ይቻላል፤ ምታቸው ግን ለየቅል ነው።

ትልቁን ማየት ከፈለጉ ጄኔቫ አጠገብ ሴርን የተባለው የቅንጣት ምርምር ማዕከል ማሽን አለ። 27 ኪሎ ሜትር ዙሪያ ያለው ቀለበት ነው። ፕሮቶኖች ሲገቡ 450 ቢሊዮን ኤሌክትሮን ቮልት ይዘው ነው። እዚያ ውስጥ እስከ 6,800 ቢሊዮን ይገፋሉ፤ አሥራ አምስት እጥፍ። በዚህ ሁሉ ግፊት ፍጥነታቸው ላይ የሚጨመረው በሰከንድ 650 ሜትር ገደማ ብቻ ነው። ከብርሃን አሁንም በሰከንድ 3 ሜትር ይቀራቸዋል። የሶምሶማ ሩጫ ያህል! ያቺን ሶምሶማ ግን አይሞሏትም።

አሁን ወደ "ለምን" ልምጣ።

ጋሼ፣ የሚይዝ ነገር የለም። ከፊት ግድግዳ የለም፤ ከኋላ የሚጎትት የለም። እርስዎ የሚይዘውን ሲፈልጉ የቆዩት ሮኬቱ ላይ ነው። ስህተቱ ያለው ግን ድምሩ ላይ ነው። ደብተርዎ ላይ 9.8ን በ31.5 ሚሊዮን ሲያባዙ፣ ፍጥነት እንደ ድንጋይ ይደመራል ብለው ነው። አንድ ሲደመር አንድ ሁለት። ፍጥነት እንደዚያ አይደመርም።

ከብርሃን በግማሽ ፍጥነት የምትሄድ መርከብ አለች እንበል። ከላይዋ ሌላ ትንሽ መርከብ ወደ ፊት ተተኮሰች። ለትልቋ መርከብ ተሳፋሪዎች ትንሿ በብርሃን ግማሽ ፍጥነት ትርቃለች። ውጭ የቆመ ሰው የትንሿን ፍጥነት ሲለካ ግን ሙሉ ብርሃን አያገኝም። የሚያገኘው ከመቶ 80 ነው። ከመቶ 90 ላይ ከመቶ 90 ቢደመር 99.4 ይሆናል። በመኪና ፍጥነት ልዩነቱ ከማንም መለኪያ በታች ስለሆነ ነው ሁላችንም ድምሩ ቀጥተኛ ነው ብለን ያደግነው።

ድምሩ ለምን እንዲህ ሆነ ቢሉኝ መነሻው አንድ ነገር ነው። ብርሃን ለሚያሳድደውም ለቆመውም እኩል ነው። ሮኬትዎን አንድ ዓመት ሙሉ ይንዱት። ከዚያ ባትሪ አውጥተው ወደ ፊት ያብሩ። ብርሃኑ ከእርስዎ በስንት ይሸሻል? በሰከንድ 299,792 ኪሎ ሜትር። ከመነሳትዎ በፊት ቢያበሩት የሚሸሸው በዚያው ነው። አንድ ዓመት ነድተው ብርሃን ላይ አንድ ኪሎ ሜትር እንኳን አልቀረቡም። ይሄን መጀመሪያ ስሰማ ሰውነቴን ነዘረኝ። እ.ኤ.አ. በ1887 ማይክልሰንና ሞርሊ የመሬት ሩጫ የብርሃንን ፍጥነት ሲቀይረው እናያለን ብለው በጥንቃቄ ለኩ። ምንም ልዩነት አላገኙም። አንስታይን እ.ኤ.አ. በ1905 ያደረገው የብርሃን ፍጥነት ለሁሉም እኩል ነው የሚለውን እንዳለ መቀበልና፣ እንዲያ ከሆነ ሰዓትና ርቀት ምን መሆን አለባቸው ብሎ መጠየቅ ነው። መነሻው ከተለካው ጋር ይገጥማል።

የድምፁን ነገር በአጭሩ ልመልስ። ድምፅን ማለፍ የአየርና የክንፍ ችግር ነበር። ከዬገር በፊት ጥይት ከድምፅ እንደሚቀድም ሰው ሁሉ ያውቅ ነበር። በባዶ ቦታ ብርሃንን የቀደመ ነገር ግን አንድም አልታየም።

ጥያቄ_አያልቅም

እህታችን፣ አንድም አልታየም አልሽ። እ.ኤ.አ. በ2011 ኒውትሪኖ የተባለ ቅንጣት ከብርሃን ቀደመ ተብሎ ዓለም አልታመሰም ወይ? ደግሞ ውኃ ውስጥ ከብርሃን የሚቀድሙ ኤሌክትሮኖች አሉ ሲባል ሰምቻለሁ። ቦታን በማጠፍ ከብርሃን መቅደም ይቻላል የሚሉት ዋርፕ የሚባለውስ?

ጠጋኟ

የ2011ዱን በደንብ አስታውሰዋለሁ። ገና ሥራ አልጀመርኩም ነበር፤ ዜናውን ግን በየቀኑ እከታተል ነበር። ኦፔራ የተባለው ቡድን ከሴርን ተነስቶ ጣሊያን ግራን ሳሶ ድረስ 730 ኪሎ ሜትር የተጓዘ ኒውትሪኖ ለካ። ከብርሃን በ60 ቢሊዮንኛ ሰከንድ ቀድሞ ደረሰ። ወራት ፈትሸው ስህተቱን ሲያጡት ለዓለም ዘርግተው "እባካችሁ አብራችሁን ፈልጉ" አሉ። በሚቀጥለው ዓመት ተገኘ። በደንብ ያልገባ የፋይበር ገመድ ነበር። ጋሼ መፍቻ ይህ ይገባቸዋል ብዬ አስባለሁ። ሙሉ ማሽን አስቁሞኝ ሦስት ቀን የፈለግኩት ብልሽት አንድ ያልጠበቀ ማያያዣ ሆኖ አግኝቼው አውቃለሁ። እነዚያን ሰዎች እስከ ዛሬ አከብራቸዋለሁ። ያዩትን አልደበቁም፤ ሲሳሳቱም ተናገሩ።

የውኃው እውነት ነው። ብርሃን ውኃ ውስጥ ይዘገያል፤ በሰከንድ 225,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው የሚሄደው። ኤሌክትሮን እዚያ ውስጥ ሊቀድመው ይችላል። ሲቀድመው ሰማያዊ ብርሃን ይወጣል። ቼሬንኮቭ እ.ኤ.አ. በ1934 የገለጸው እሱን ነው። ጨረር ጭንቅላታቸው አካባቢ የሚወስዱ አንዳንድ ታካሚዎች ዓይናቸውን ጨፍነው ሰማያዊ ብልጭታ ያያሉ። መጀመሪያ አንዲት እናት ስትነግረኝ ማሽኑ ተበላሸ ብዬ ደነገጥኩ። በኋላ ነው የገባኝ፤ በዓይኗ ውስጥ ባለው ፈሳሽ ኤሌክትሮኖች ብርሃንን እየቀደሙ ነበር። ይህ ግን የዘገየን ብርሃን መቅደም ነው። 299,792 አልተነካም።

ዋርፑን ለሰፊ_ሰማይ ልተወው።

ሰፊ_ሰማይ

ዋርፕ ሜክሲኳዊው የፊዚክስ ሊቅ ሚጌል አልኩቢዬሬ እ.ኤ.አ. በ1994 በአንስታይን እኩልታ ላይ ተመርኩዞ ያሳየው ነው። መርከቧ ቆማ ቦታው ራሱ ከፊቷ ይሸበሸባል፤ ከኋላዋ ይዘረጋል። ሒሳቡ ትክክል ነው። የሚያስፈልገው ግን ከዜሮ በታች የሆነ ጉልበት ነው። በዚያ መጠን እንዲህ ያለ ነገር ማንም ይዞ አያውቅም። ሩቅ ጋላክሲዎች ከብርሃን በላይ በሆነ ፍጥነት ይርቁናል የሚባለውም ከዚህ ጋር ይዘመዳል። ቦታው ነው የሚለጠጠው እንጂ ማንም በአጠገቡ የሚያልፈውን ብርሃን እየቀደመ አይደለም።

አንድ ነገር ልጨምር። ከብርሃን የቀደመ መልእክት ቢኖር፣ በሚንቀሳቀሱ አንዳንድ ተመልካቾች ሰዓት መልእክቱ ከመላኩ በፊት ይደርሳል። መልሱ ከጥያቄው ቀድሞ ሊመጣ ይችላል ማለት ነው። እኔን ያሳመነኝ ከነዳጁ ይልቅ ይሄኛው ነው።

መፍቻ17

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የድምሩን ነገር አንድ ሌሊት አሰብኩበት። አሁን አንድ የመጨረሻ ጥያቄ። እኔ ውስጥ ብቀመጥ ምን ይሰማኛል? ሞተሩ ሲዳከም አያለሁ? ከመቶ 99 ላይ ስደርስ ነዳጅ እየረገጥኩ መኪናው እንደሚለግመው ዓይነት ነገር አለ?

እና ያ ኮከብ። ተዘግቷል ማለት ነው?

ጠጋኟ

አልተዘጋም ጋሼ። እንዲያውም ከመጀመሪያው ጀምሮ ልነግርዎ የጓጓሁት ይሄን ነው።

ውስጥ ሆነው ምንም አይለግምም። ሞተሩ በጀመረበት ጉልበት ይገፋል። ወንበርዎ ላይ የሚሰማዎት ክብደት ያው የራስዎ ክብደት ነው። መፍቻ ከእጅዎ ቢያመልጥ እንደ መሬት ይወድቃል። የሚለወጠው የእርስዎ ሰዓትና ውጭ የቆመው ሰው ሰዓት አለመስማማታቸው ነው።

ይህ ሰዓት ላይ የሚታይ የዓይን ማታለል አይደለም። ሙዮን የሚባል ቅንጣት አለ። 15 ኪሎ ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ይፈጠራል። አማካይ ዕድሜው ከሰከንድ ሚሊዮንኛ 2.2 ነው። በዚህ ዕድሜ በብርሃን ፍጥነት እንኳን ቢሮጥ 660 ሜትር ሄዶ ነው የሚያልቀው። ግን መሬት ላይ ይደርሳል። አሁን ይህን እያነበቡ ሳለ በእጅዎ ውስጥ እያለፈ ነው። በእሱ ሰዓት ዕድሜው ገና አላለቀም። እ.ኤ.አ. በ1971 ደግሞ ሃፌሌና ኪቲንግ አቶሚክ ሰዓቶችን በአውሮፕላን ይዘው ዓለምን ዞሩ፤ ሲመለሱ መሬት ከቀሩት ጋር አልገጠሙም፤ ልዩነቱ ከቲዎሪው ጋር ገጠመ።

ስለዚህ ሮኬትዎን ወደ ፕሮክሲማ እንንዳው። በእርስዎ 9.8። ግማሽ መንገድ ይገፋሉ፤ መሃል ላይ መርከቧን አዙረው በዚያው ጉልበት ፍሬን ይይዛሉ። መሃል ላይ ፍጥነትዎ ከብርሃን ከመቶ 95 ነው። መሬት ላይ በቀረነው ሰዎች ሰዓት የሚደርሱት በ5.9 ዓመት ነው። አብሮዎት የተነሳ ብርሃን በ4.24 ዓመት ቀድሞዎት ገብቷል። በእርስዎ እጅ ሰዓት ግን ያለፈው ሦስት ዓመት ተኩል ነው።

ያስተውሉ። ብርሃንን አልቀደሙም። ግን 4.24 የብርሃን ዓመት የተባለውን መንገድ ከ4.24 ዓመት ባነሰ ዕድሜ ጨረሱት። ለእርስዎ መንገዱ ራሱ አጥሯል። በዚያው አነዳድ 26,000 የብርሃን ዓመት የሚርቀው የጋላክሲያችን እምብርት በእርስዎ ሰዓት 20 ዓመት ገደማ ነው። ዋጋው የሚከፈለው ሲመለሱ ነው። መሬት ላይ ከ52,000 ዓመት በላይ አልፏል፤ የሚቀበልዎት የሚያውቁት ሰው አይኖርም።

ነዳጁ እውነተኛ ችግር ነው፤ ሰፊ_ሰማይ ልክ ነው። ግን የነዳጅ ችግር በነዳጅ ይፈታል ብለው የለ? ቁስና ፀረ ቁስ ሲገናኙ ሙሉ በሙሉ ወደ ጉልበት ይለወጣሉ። ሁሉንም ብርሃን አድርጎ ወደ ኋላ የሚተኩስ ሞተር ቢኖር ለፕሮክሲማው ጉዞ፣ ፍሬኑን ጨምሮ፣ ለ1 ኪሎ ዕቃ 38 ኪሎ ገደማ ነዳጅ ይበቃ ነበር። ከ289 ዜሮ ወደ 38 ኪሎ! ሰው እስካሁን የሠራው ፀረ ቁስ በሙሉ ቢጠራቀም ከአንድ ግራም እጅግ ያነሰ ነው። ስለዚህ እኔም እርስዎም አናየውም። ቢሆንም ይሄኛውን በር የቆለፈው ሞተር ነው። ሞተር ደግሞ የእርስዎና የእኔ ዓይነት ሰው ሥራ ነው።

መፍቻ17

አነበብኩት። ደግሜ አነበብኩት። ሦስት ዓመት ተኩል! እኔ አንዳንድ ሞተር ላይ ከዚያ በላይ ቆይቻለሁ።

እህቴ፣ አንድ ነገር ብቻ ላስቸግርሽ። ደብተሬ ላይ ያለውን ማረም እፈልጋለሁ። ያንኑ የእኔን ጉዞ። 9.8፤ አንድ ዓመት፤ ፍሬን ሳይያዝ። ትክክለኛው ስንት ነው?

ጠጋኟ

በእርስዎ ሰዓት ልክ አንድ ዓመት ከነዱ፣ ውጭ ያለነው አንድ ዓመት ከሁለት ወር ገደማ እንቆጥራለን። ከግማሽ የብርሃን ዓመት ትንሽ አልፈው ሄደዋል። ፍጥነትዎ ከብርሃን ከመቶ 77፤ በሰከንድ 232,000 ኪሎ ሜትር።

መፍቻ17

309,000ን ሰርዤ 232,000 ጻፍኩ። ከጎኑ "አንድ ዓመት ከሁለት ወር" አልኩበት።